ኤሎዲ በመስኮቱ ያለችው

ወለሉ ከእግሯ ሥር መንቀጥቀጥ ሲጀምር ዜሊ ፖትቪን ባቡሩ ድልድይ ላይ መውጣቱን አወቀች። በመስኮቱ ስታይ እውነትም የሴን ወንዝ ከታች ደፍርሶ ይሄዳል፤ የድንጋይ ከሰል የጫነች ጀልባ ጭሷን እየተፋች ሽቅብ ትታገላለች። የብረቱን ጩኸት ግን አልሰማችም። በልጅነቷ ክፉ ትኩሳት ይዟት ነበር፤ ሲለቃት ጆሮዋን ይዞባት ሄደ። ከዚያ ወዲህ የምትሰማው በእግሯ፣ በደረቷ፣ ከሁሉም በላይ በዓይኗ ነው።

ፊት ለፊቷ የተቀመጠው ሙሴ አንሰልም ሞርቪዬ ከፓሪስ ከተነሱ ጀምሮ አፉን ይከፍትና መልሶ ይዘጋዋል። ረጅሙን ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ ጠርዙን በአውራ ጣቱ ያሻል። ክራባቱ ተንጋዷል። ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ክራባቱ ቀጥ ብሎ አያውቅም፤ ዜሊ ልብስ ሰፊ ናትና ይህ አያመልጣትም። ልታስተካክልለት ይቃጣትና የሰው ባል፣ ያውም የሟች ወዳጇ ባል መሆኑ ትዝ ሲላት እጇን ጭኗ ላይ ትመልሳለች።

በመጨረሻ ተናገረ። ከንፈሩን እየጎተተ፣ ቃሉን እያኘከ፣ ሕፃን እንደሚያስተምር ሰው ነበር የተናገረው። ሰዎች ለዜሊ አዝነው እንዲህ ሲናገሩላት ደህና የነበረው አፋቸው ይጣመምና ጭራሽ የማይነበብ ይሆናል። እሷ ግን አንሰልምን ስለለመደችው ገባት። የሚፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ኤሎዲ በመጨረሻው ፊልሟ ላይ፣ መስኮቱ ጋ ቆማ፣ እሱ የጻፈላትን ቃል ብላው ነበር ወይስ አላለችውም?

ዜሊ መዳፏን ጉሮሮዋ ላይ አደረገች። ስትናገር ሁልጊዜ እንዲህ ታደርጋለች፤ ድምፅዋ ምን ያህል እንደጮኸ የሚነግራት የጉሮሮዋ ንዝረት ብቻ ነው።

«ካላለችውስ?» አለችው።

አንሰልም ወደ መስኮቱ ዞረ። አጠገባቸው የነበሩ ሁለት የጨርቅ ነጋዴዎች ግን ቀና ብለው አዩዋት፤ ከዚያም እርስ በርስ ተያዩ። ዜሊ ድምፅዋ ምን እንደሚመስል የምታውቀው እንዲህ ካለው የሰው ዓይን ነው። መዳፏን ከጉሮሮዋ ላይ አወረደችው።

ነገሩ እንዲህ ነው። አንሰልም ሞርቪዬ የሲኒማ ጸሐፊ ሆኖ አልተወለደም፤ ለነገሩ በዚያ ዘመን ማንም እንዲያ ሆኖ አልተወለደም፤ ሲኒማው ራሱ ጥርስ ያላወጣ ሕፃን ነበር። እሱ የቴአትር ሰው ነው። በፓሪስ ሰፋፊ ጎዳናዎች ላይ ባሉት ቴአትር ቤቶች በር ስሙ በትልልቁ ተጽፎ ይለጠፍ ነበር፤ ተዋንያን «መምህር» እያሉ ባርኔጣ ያነሱለት ነበር። የሚጽፈው ግን ለአንድ ድምፅ ነው፤ ለሚስቱ ለኤሎዲ ቫሳል ድምፅ። ኤሎዲ መድረክ ላይ ስታንሾካሹክ፣ ጣሪያ ሥር ርካሹ ወንበር ላይ የተቀመጠው ሠራተኛ ለእሱ ብቻ የተናገረች ይመስለው ነበር ይባላል።

ከዚያ ጉሮሮዋን አመማት። ሐኪሞቹ በሚጠጣ ሞከሩ፣ በሚታጠን ሞከሩ፣ በመጨረሻ ቢላዋ አነሱ። ነፍሷ ተረፈች፤ ድምፅዋ ግን እርጥብ እንጨት ላይ እንደሚሄድ መጋዝ ሆነ። ከመድረክ ወረደች። ቤት ውስጥም ከባሏ ጋር የምትነጋገረው ትንሽ ጥቁር ሰሌዳ ላይ በጠመኔ እየጻፈች ሆነ። ያኔ አንሰልም ወዳጆቹን ሁሉ ያስደነገጠ ነገር አደረገ። ለሷ ጽፎ የጨረሰውንና ገና ያልታየውን ቴአትር፣ «የጨው በር» የሚባለውን፣ መሳቢያ ውስጥ ቆልፎ፣ ድምፅ ወደማያስፈልግበት ሥራ፣ ያኔ ገና ድምፅ ወዳልነበረው ፊልም ሄደ። ከከተማው ወጣ ብሎ ያለ አንድ የፊልም ፋብሪካ በጸሐፊነት ገባ፤ ኤሎዲንም ይዟት ገባ።

«ብዕሩን ለባዛር ለፍላፊ ሸጠው» ብለው አሙት፤ ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነውና እሱ የሰማው ዘግይቶ ነው። እዚያ የጸሐፊ ስም የሚጠራ የለም። ጽሑፍ የሚባለውም «ይገባል፤ ያያታል፤ ይደነግጣል፤ ይወድቃል» የምትል ግማሽ ገጽ ናት። አንሰልም ግን ለኤሎዲ ሙሉ ንግግር ይጽፍላት ነበር፤ ልክ መድረክ ላይ እንደምትለው፣ ትንፋሽ ከምትወስድበት ቦታ ጋር። የፊልሙ አዘጋጅ፣ ቀድሞ ፎቶ አንሺ የነበረ ግልፍተኛ ሰው፣ ይህን ባየ ቁጥር ደሙ ይፈላል።

«ሙሴ፣ ይሄን ሁሉ ቃል ማን ሊሰማልህ ነው? ‹ታለቅሳለች› በልና ተገላገል።»

አንሰልም አልተገላገለም። ሲቀረጽ ወረቀቱን ይዞ ካሜራው ጎን ይቆማል፤ እሷ ከንፈሯን ስታንቀሳቅስ እሱ በዓይኑ መስመር በመስመር ይከተላል። ዓመታት እንዲህ አለፉ። ካቻምና ክረምት ደግሞ ያ የጉሮሮ በሽታ ተመልሶ መጣና ጨርሶ ወሰዳት።

ዜሊ የምትሠራው እዚያው ፋብሪካ ልብስ ስፌት ክፍል ነው። የንጉሥ ካባ ትሰፋለች፣ የገረድ ሽርጥ ትሰፋለች፣ ሲያስፈልግም የመልአክ ክንፍ። በዚህ መኸር አዲስ ፊልም ለሠራተኛው ሲታይ፣ ንጉሡ የገዛ ልጁን ለገዳይ አሳልፎ ሲሰጥ፣ ሰው ሁሉ አንገቱን በደፋበት ሰዓት እሷ ከት ብላ ሳቀች። አዘጋጁ ሊያባርራት ተነሳ። አንሰልም ግን ምን እንዳሳቃት ጠየቃት፤ ነገረችው። ንጉሡ ለገዳዩ «የዛሬው ሾርባ ውኃ ነው፤ ወጥ ሠሪዋ ፍቅር ይዟታል መሰለኝ» እያለው ነበር። ተዋንያኑ ማንም የሚሰማቸው ስለማይመስላቸው ካሜራ ፊት ያሻቸውን ይቀባጥራሉ። ዜሊና እንደሷ ጆሮ የራቃቸው ጓደኞቿ እሑድ ሲኒማ ሲገቡ፣ ሰው በሚያለቅስበት የሚስቁት ለዚህ ነው።

አንሰልም ይህን ሲሰማ ፊቱ አመድ መሰለ። ኤሎዲስ? እሷስ የእሱን ቃል ትታ ስለ ሾርባ ስታወራ ኖራ ይሆን? ፊልሞቿን ሊያሳያት ፈለገ፤ ግን የሉም። ፋብሪካው ፊልም መሸጥ ትቶ ማከራየት ከጀመረ ወዲህ አሮጌውን ሰብስቦ ያቀልጠዋል፤ ማበጠሪያ ይሁን የጫማ ቀለም ከዚያ ይሠራል አሉ። ያልቀለጠ ቢኖር ድሮ በገንዘባቸው በገዙት፣ ከባዛር ባዛር በሚዞሩ ድንኳነኞች እጅ ነው። ሲጠይቅ ሲያስጠይቅ፣ «የቦዩ ዘበኛ ሚስት» የተባለው የመጨረሻ ፊልሟ አባባ ሉስቶ የሚባል ሰው ጋ እንዳለ፣ ሉስቶም በሩዋን ከተማ በቅዱስ ሮሜን ባዛር ድንኳን እንደተከለ ደረሰበት።

የቸኮለውም በከንቱ አልነበረም። ፋብሪካው ለሁለት ዓመት እንዲፈርም ይጠብቀዋል፤ ከፈረመ ለመድረክ አንድ መስመር መጻፍ አይፈቀድለትም። በሌላ በኩል አንድ ቴአትር ቤት «የጨው በር»ን ስጠን እያለ ይማጸነዋል። እሺ ካለ ቅዳሜ ተዋንያኑ ተሰብስበው ደራሲው ራሱ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ጮክ ብሎ ያነብላቸዋል፤ የቴአትር ወግ ነው፣ ያለዚያ ልምምድ አይጀመርም። ለሁለቱም መልስ የሚሰጠው ነገ ነው። ኤሎዲ ያለ ድምፅም ቢሆን ቃሉን ስትለው ከኖረች፣ ተዋናይቱ እስከ ዕለተ ሞቷ እሷ ነበረች ማለት ነው፤ የሷን ቦታ ለሌላ አፍ አይሰጥም፤ ለፋብሪካው ይፈርማል። ይህን ለዜሊ ነግሯታል። ካላለችው ምን እንደሚያደርግ ግን አልነገራትም፤ ራሱም አያውቅም ነበር።

ዜሊ መስኮቱን እያየች ስለ ኤሎዲ አሰበች። ኤሎዲ ልብስ ልትለካ ስትመጣ ሰሌዳዋን በሩ ጋ ትታው ነበር የምትገባው። መርፌ አፏ ይዛ ከተንበረከከችው ዜሊ ጋር በባዶ ከንፈር፣ ትንፋሽ እንኳ ሳታባክን፣ ታወራ ነበር፤ ስለ ጎረቤት፣ ስለ ቅቤ መወደድ፣ ስለ አዘጋጁ የውሸት ጥርስ። እንዴት ያለች ወሬኛ ነበረች! ዜሊ የዚያችን ሴት ከንፈር የገዛ እናቷን ከምታውቀው በላይ ታውቀዋለች። ባሏ ግን አንድ ቀን እንኳ ከንፈሯን ማንበብ አልተማረም። ሰሌዳው ነበረዋ። ዜሊ ይህን ለማንም ተናግራው አታውቅም፤ ሆድ ይፍጀው ብላ ተወችው።

ሩዋን ሲደርሱ ይዘንብ ነበር። በሩዋን ሁልጊዜ ይዘንባል፤ ዝናቡን የለመደው የአገሩ ሰው ጃንጥላ የሚይዘው እንግዳ ሲመጣ እንዳይታማ ነው። ባዛሩ በሰፊው ጎዳና ዳርና ዳር ተዘርግቶ፣ የተጠበሰ ዓሣ ጢስ፣ የፖም ጠጅ ሽታና የእርጥብ ፈረስ ሽታ አንድ ላይ ተደባልቋል። በእንፋሎት የሚዞሩት የእንጨት ፈረሶች ሙዚቃ ዜሊን ደረቷ ላይ ይመታታል። አንሰልም ከፊቷ ከፊቷ፣ ባርኔጣውን በእጁ ይዞ፣ ዝናቡን ረስቶት ይሄዳል።

የሉስቶ ድንኳን ፊቱ በወርቅ ቀለም ያበደ ነው። ሉስቶ ራሱ ከፍ ብሎ ቆሞ፣ የየትኛው አገር ጄኔራል እንደሚለብሰው ያልታወቀ ቀይ ኮት ለብሶ፣ በቆርቆሮ ጡሩንባ ሰው ይጠራል። የአንሰልምን ጥቁር ካፖርትና ባርኔጣ ሲያይ ጡሩንባውን አወረደ።

«ከፋብሪካው ነህ?» አለው። «ከሆንክ በመጣህበት ተመለስ። በገንዘቤ የገዛሁት ፊልም ነው። ማቅለጥ ካማራችሁ ሻማ አቅልጡ።»

አንሰልም ሊወስድበት እንዳልመጣ፣ ለማየት ብቻ እንደመጣ ነገረው። «የቦዩ ዘበኛ ሚስት»ን የጻፈው እሱ እንደሆነም ጨመረበት።

ሉስቶ ከእግር እስከ ራሱ ቃኘው። «ፊልም ደግሞ ይጻፋል እንዴ?»

ክፋት አልነበረውም፤ የምሩን ነው የጠየቀው። ዜሊ ከወፍራም ከንፈሩ ላይ አንብባው መልሱን ልታይ ወደ አንሰልም ዞረች። አንሰልም ባርኔጣውን ያሻል። እንደዚያ ብቻውን የሆነ ሰው አይታ አታውቅም። ሉስቶም ደንግጦ ይሁን አዝኖ ነገሩን ለማለስለስ፣ ያቺ ፊልም እንጀራው እንደሆነች፣ ሴትየዋ መስኮቱ ጋ ስትደርስ እሱ ራሱ ድምፅ እንደሚሆንላት ነገራቸው። ሰው ያለ እሱ አይገባውም። «ለሚስቴ ያልተናገርኩትን ለሷ ተናግሬላታለሁ» ብሎ ሳቀና መጋረጃውን ገልጦ አስገባቸው።

ውስጡ በአግዳሚ ወንበር የተሞላ ነው። የወደብ ጫኞች፣ ከገጠር የመጡ ቤተሰቦች፣ የፈትል ፋብሪካ ሴቶች ተጠጋግተው ተቀምጠዋል። መብራቱ ጠፋ፤ ሸራው ነጣ፤ ትንሽ ቆይቶ ኤሎዲ በሕይወት መጣች።

ዜሊ አልተዘጋጀችም ነበር። አንሰልም ቢዘጋጅም እሷ አልተዘጋጀችም። ያቺ ወሬኛ ወዳጇ፣ ዜሊ ራሷ የሰፋችላትን ሻርፕ ጣል አድርጋ፣ ከበሩ ብቅ ብላ ለቦዩ ዘበኛ ዳቦ በጨርቅ ስትቋጥርለት ስታይ ዓይኗ እንባ ሞላ፤ ቶሎ ጠረገችው። እንባ ለሷ ጆሮ እንደመድፈን ነው።

መጀመሪያ ሁሉ ነገር ደህና ነበር። ኤሎዲ ለዘበኛው «ውኃው ዛሬ ፊቱ አላማረኝም» አለችው፤ አንሰልም አጠገቧ ሆኖ ያንኑ ቃል ያንሾካሹካል፤ ልክ ነው። ዜሊ በራሷ ምልክት ሰጠችው። ዘበኛው ወጣ። ኤሎዲ መስኮቱን ከፈተችና ወደ ውጭ አየች፤ ካሜራው የነበረው ውጭ ነው። ሉስቶ ሸራው ጎን ቆሞ እጁን ያወናጭፋል፣ አፉን ያላቅቃል። ኤሎዲም መናገር ጀመረች። ዜሊ የመጀመሪያውን ቃል ስታነብ ክንዷ ላይ ያለው ፀጉር ቆመ። ኤሎዲ የምታየው ቦዩን አይደለም። የምታየው ከካሜራው ትንሽ ወደ ጎን፣ አንድ ሰው ወረቀት ይዞ የቆመበትን ቦታ ነው።

መስኮቱ ተዘጋ፤ ዘበኛው ሰምጦ አስከሬኑ መጣ፤ የፈትል ሴቶቹ አለቀሱ፤ መብራት በራ። አንሰልም ክንዷን ይዟት ነበር።

«አለችው?»

ዜሊ መዳፏን ጉሮሮዋ ላይ አደረገች። «አለችው» አለች።

የአንሰልም ፊት በአንዴ አሥር ዓመት ወደ ኋላ ተመለሰ። ከንፈሩን ማኘኩን ረስቶ በፍጥነት ይናገር ጀመር፤ ለመጀመሪያ ጊዜ አፉ ደህና ሲነበብ ዜሊ አየች። ያውቅ ነበር! ልቡ ነግሮት ነበር። ነገ ጠዋት ሄዶ ለፋብሪካው ይፈርማል። «የጨው በር»ንም ማታውኑ ምድጃ ውስጥ ይጨምረዋል፤ የሷ ነውና ከሷ ጋር ይሂድ። ይህን ሁሉ የሚለው እየሳቀ ነው፤ ባርኔጣውንም አድርጎ ሊነሳ ነው።

ዜሊ ከመቀመጫዋ አልተነሳችም። ለደግ ብላ ነበር የዋሸችው። አንድ ብቸኛ ሰው ቤቱ ሲገባ የሚሞቀው ነገር ይኑረው ብላ ነበር። አሁን ግን የገዛ ውሸቷ ወረቀት ሊያቃጥል ሲሮጥ አየችው። ደግሞስ ቃሉ የማን ነው? ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል፤ ያቺ ሴት ያለችው ከአፏ ከወጣ ሁለት ዓመት ሞልቶት፣ የሚቀበለው አጥቶ ከባዛር ባዛር ይንከራተታል። የዜሊ አልነበረም። ልትሰጠው እንጂ ልታስቀረው መብት አልነበራትም።

እጅጌውን ሳበችው። «ዋሽቻለሁ» አለችው። «ያለችው ሌላ ነው። በራሴ አፍ አልነግርዎትም፤ እሷ ስትል አብሬያት እላለሁ። ድገሙት ይበሉት።»

አንሰልም ቆሞ ቀረ። ከዚያ ቀስ ብሎ፣ አንድ ነገር እንዳይሰበር እንደሚጠነቀቅ ሰው፣ ተመልሶ ተቀመጠ። መድገሙ አላስቸገረም፤ ሉስቶ አንዱን አስወጥቶ ሌላውን ሲያስገባ የሚያሳየው ያንኑ ነው። አዲስ ሰው ገባ፤ መብራቱ ጠፋ።

ኤሎዲ ዳቦውን ቋጠረች። ዘበኛው ሄደ። መስኮቱ ተከፈተ። ሉስቶ እንደ ልማዱ «ወይ ልጄን! ወይ አንድዬን!» ብሎ ጀመረ፤ እሱ ያቺን ሴት ልጅ የሞተባት አድርጎ ነበር የሚያስለቅሳት። ዜሊ ወደ አንሰልም ጆሮ ልትጠጋ አስባ ነበር፤ ግን ዓይኗን ከሸራው ካነሳች ኤሎዲ ታመልጣታለች። ስለዚህ ብድግ ብላ ቆመች፤ ጉሮሮዋን ይዛ፣ ሸራውን እያየች ጀመረች።

«አንሰልም፣ ዛሬ ያንተን አልልም።»

ድምፅዋ ምን እንደሚመስል አታውቅም። ድንኳኑ ያወቀው ግን ወዲያው ነው። ከኋላ አንድ ጫኝ «ይቺ ደንቆሮ ምን ሆነች?» ብሎ ሳቀ፤ ሌሎችም ሳቁ። ሉስቶ ንግግሩን አቁሞ ዞረ፤ ሊቆጣ ነበር። ከዚያ የሴትዮዋን ከንፈርና የሸራውን ከንፈር አንዴ አየ፣ ሁለተኛ አየ፤ እጁ ወረደ። እኩል ነበር የሚንቀሳቀሱት።

«ማንም አይሰማኝም ይሉ የለ፤ እስቲ ልናገር። ቤት ልነግርህ አልቻልኩም። ድምፄን ስትሰማ ፊትህን ታዞራለህ። አዝነህልኝ መሆኑን አውቃለሁ፤ ግን ታዞራለህ። ሰሌዳ ላይ ከጻፍኩት ደግሞ ታርመዋለህ።»

ከአንሰልም ጉሮሮ የሆነ ነገር ወጣ፤ ሳቅ ይሁን ሌላ አልለየም። እውነት ነው፤ ያርመው ነበር። ጠመኔውን ተቀብሎ፣ ቃል አቃንቶ ይመልስላት ነበር።

ሳቁ ድንኳኑ ውስጥ ሞተ። የሚሰማው የመብራቱ ሞተርና ያቺ ከፍ ዝቅ የምትል፣ ልክ የሌላት ድምፅ ብቻ ነው።

«ድምፅ ያጣሁት እኔ ነኝ፤ አንተ ምን ሆነህ ነው ዝም ያልከው? ያንተን ዝምታ ተሸክሜ ደከመኝ። ሰው ሲጠይቅ ‹ለሷ ብሎ ነው› ይላሉ። ለኔ ብለህ በቁምህ አትሙት። ‹የጨው በር›ን ለሌላ ስጣት። ለወጣት ስጣት፣ ጉሮሮዋ ደህና ለሆነች። እቀናለሁ፤ አልዋሽህም፣ እቀናለሁ። ግን ጣሪያ ሥር ርካሹ ወንበር ላይ ቁጭ ብዬ ቃልህን ከሰው አፍ መስማት እፈልጋለሁ። ጆሮዬን አላመመኝም እኮ።»

ኤሎዲ እዚህ ላይ ፈገግ አለች፤ ወዲያውም እንባዋ ወረደ። አንሰልም ያቺን እንባ ያውቃታል። በቀረጻው ቀን አዘጋጁ በደስታ እጁን ያጨበጨበላት፣ እሱም በኩራት ወረቀቱ ጠርዝ ላይ በእርሳስ ምልክት ያደረገባት ቦታ ናት።

ዜሊ ትንሽ ዝም አለች፤ ኤሎዲ ዝም ስላለች። ከዚያ የመጨረሻውን አለች፦

«አየህ፣ አሁንም ወረቀቱን ነው የምታየው።»

መስኮቱ ተዘጋ።

አስከሬኑ ሲመጣ ማንም አላየውም፤ ሰው የሚያየው ሁለቱን ነው። መብራት ሲበራ ያ የሳቀው ጫኝ ቆቡን አውልቆ መሬት መሬት ያያል። አንዲት የፈትል ሴት ወደ ዜሊ መጥታ ምንም ሳትል ትከሻዋን ነክታት ወጣች። ሉስቶ ጡሩንባውን ብብቱ ሥር አድርጎ አጠገባቸው መጥቶ ቆመ።

«ሁለት ዓመት ሙሉ ልጅ ሞተባት ስል…» አለና አልጨረሰውም።

አንሰልም ጎንበስ ብሎ መዳፉን ፊቱ ላይ አድርጎ ተቀመጠ። ዜሊ ጎኑ ተቀመጠች።  ክራባቱን አቃናችለት፤ አልከለከላትም። ብዙ ቆይቶ ቀና ሲል አልቅሶ ነበር፤ የተናገራትም ሳያኝክ፣ እንደ ሰው ነው። ሦስት እርምጃ ላይ እንደነበረ ነገራት። ሦስት እርምጃ ላይ ቆሞ፣ ከፊቱ ስትናገረው፣ የገዛ ጽሑፉን እያነበበ አልሰማትም። ዜሊ ልታጽናናው አልሞከረችም፤ እውነት ነበረና።

ፋብሪካውን ነገ እምቢ እንደሚለው ነገራት። ቅዳሜ ተዋንያኑ ፊት ተቀምጦ ያነባል። ይህን ያህል ዘመን ጮክ ብሎ ስላላነበበ ድምፁ ይወጣ እንደሆነ አያውቅም፤ ቢሆንም ያነባል። የኤሎዲን ቦታ የምትይዘው ልጅ ማን እንደሆነች እንኳ አልጠየቀም ነበር፤ ይጠይቃል። ከዚያ ወደ ሉስቶ ዞሮ አንዴ ብቻ ደግመህ አሳየኝ ብሎ ለመነው፤ በዚህኛው ማንም እንዳይናገርበት።

ሉስቶ ውጭ ዝናብ የሚመታውን ሰልፈኛ አየ፤ አንሰልምንም አየ። «ለጥቂት ጊዜ ቆዩልኝ» ብሎ በሰልፈኛው ፊት መጋረጃውን ዘጋና ራሱ መዘውሩን ሊያዞር ሄደ።

ባዶው ድንኳን ውስጥ ኤሎዲ ዳቦውን ቋጠረች፤ ዘበኛውን ሸኘች፤ መስኮቱን ከፈተች። አንሰልም ተነስቶ ወደ ሸራው ተጠጋና ቆመ፤ ብርሃኑ ፊቱ ላይ አረፈ። እሷ ትናገራለች፣ እሱ ዓይኑን ከከንፈሯ ሳይነቅል ይጠብቃታል። ዝም ስትል የእሱ ከንፈር መንቀሳቀስ ጀመረ፤ ያለ ድምፅ፣ ትንፋሽ እንኳ ሳያባክን። ዜሊ የመጀመሪያውን ቃል ሳታስበው አነበበችው። የቀረው ለሷ የተባለ ስላልነበረ ዓይኗን ጨፈነች።